አስነጠሰ ወይስ አላስነጠሰም፤ ከደሴ አቃቂ ደርሶ መልስ

ከደሴ ተነስቶ አቃቂን ለማየት የሚሄድ ሰው አላውቅም። ብረት ሊያስጭን የሚወርድ ነጋዴ አለ፤ ዘመድ ቀብሮ የሚመለስ አለ። እኔ የሄድኩት አንድ ልጅ አስነጥሶ እንደሆነ ለማጣራት ነው። ከተመለስኩ ወዲህ የሰፈሩ ሰው እየመጣ «እስቲ ንገሪን» ስለሚለኝ፣ ሁሌ ከማወራው አንዴ ልጻፈው ብዬ ተቀመጥኩ።

ነገሩ የጀመረው በአማቴ ነው። እማ ዘሃራ ዓይናቸውን ሞራ ከጋረደው ቆይቷል። ሐኪሙ ቀላል ነው፣ ይገፈፋል ይላል። እሳቸው «ስለት ዓይኔ አጠገብ አይደርስም» ብለው እምቢ አሉ። እኔ አስተማሪ ነኝ። ከትምህርት ቤት ስመለስ ጊዜው እንዲያጥርላቸው ብዬ መጽሐፍ አነብላቸዋለሁ። አንድ ቀን እዚሁ ደሴ ፒያሳ ከአሮጌ መጽሐፍ ሻጭ «የወፍጮው ምድር ቤት» የሚል ልብ ወለድ ገዛሁ። ከፈረንሳይኛ የተተረጎመ የጦርነት ጊዜ ታሪክ ነው። ናዚዎች አይሁዳውያንን ቤት ለቤት እያደኑ በሚወስዱበት ዘመን፣ ራሔል የምትባል ልጃገረድ ትንሽ ወንድሟን ያዕቆብን ይዛ ከከተማ ትሸሻለች። ተራራ ስር ያሉ ባለወፍጮ ባልና ሚስት ተቀብለው ምድር ቤታቸው ውስጥ ይደብቋቸዋል።

እማ ዘሃራ ልጁን ገና በመጀመሪያው ምዕራፍ «ያቁብ» ብለው ዘመድ አደረጉት። ሰግደው ሲጨርሱ ለልጆቻቸውና ለልጅ ልጆቻቸው ዱዓ ያደርጋሉ፤ መጨረሻ ላይ «ለያቁብም» ይጨምራሉ። ያቁብ ደግሞ ክፉ ዕጣ አለበት፤ ዱቄት ከሸተተው ያስነጥሳል። የተደበቀው ግን ወፍጮ ቤት ነው።

ራሔል መድኃኒት ፍለጋ በወጣችበት ቀን ወታደሮች ወፍጮ ቤቱን ይከቡታል። ባለወፍጮዋ ልጁን አንስታ የዱቄት ሳጥን ውስጥ ታስገባውና ክዳኑን ትገጥማለች። ወታደሩ መጥቶ ክዳኑ ላይ እጁን ያሳርፋል። ያዕቆብ አፍንጫውን በሁለት ጣቱ ይይዛል። ከዚያ ወዲያ ገጽ የለም። ተገንጥሏል። ሻጩ ጋ ሄጄ ስጠይቀው «የኋላውማ ለኦቾሎኒ መጠቅለያ ሄዶ ይሆናል» አለኝ፤ ምንም ሳይሰማው።

ከዚያ ቀን ጀምሮ እኛ ቤት ማስነጠስ ተከለከለ። ባሌ ሑሴን ጉንፋን ይዞት ድንገት ቢያመልጠው፣ እማ ዘሃራ ካሉበት ሆነው «ቀስ በል እንጂ፣ ልጁን ታስይዘዋለህ» ይሉታል። ሐኪም ቤት እንሂድ ስንላቸው ደግሞ አዲስ ምክንያት አገኙ።

«ሐኪሙ ተሳስቶ ብሞትስ? የያቁብን መጨረሻ ሳላውቅ አፈር ልገባ ነው?»

ቀልድ መስሎን ሳቅን። ሐኪሙ ደግሞ ከዘገየ ዓይኑ ላይመለስ ይችላል ብሎናል። ቀጠሮው አንዴ አለፈ፣ ሁለተኛውም አለፈ፤ ያኔ ሳቃችን ቆመ።

የመጽሐፉ መግቢያ ስር ተርጓሚው ስማቸውን ጽፈዋል። የአባታቸው ስም ያለበትን ጥግ ዘይት በልቶታል፤ የሚነበበው «ንጋቱ፣ አቃቂ» የሚለው ብቻ ነው። አቃቂ ውስጥ የሑሴን የአክስት ልጅ ሰይድ አለ፤ የጭነት መኪና ሹፌር ነው። ትምህርት ቤት ሲዘጋ አንድ ማሰሮ ማርና ያንን ጅራተ ቆራጣ መጽሐፍ ይዤ ተነሳሁ።

የመጀመሪያው ቀን

አውቶቡሱ ሳይነጋ ወጣ። ኮምቦልቻ ስንወርድ ነጠላችንን አወረድን፣ ከሚሴ ስንደርስ ሹራባችንን። የደሴ ሰው ቆላ ሲገባ እንደ ሽንኩርት ይላጣል። አጠገቤ የተቀመጡት ደርባባ ሴት ከሐርቡ የተሳፈሩ ናቸው።

«ወዴት ነሽ ልጄ?» አሉኝ።

«አቃቂ ቃሊቲ።»

«ቃሊቲ?» ድምፃቸው ወረደ። «ማን ታስሮብሽ ነው?»

ቃሊቲ ሲባል አገር ሁሉ የሚያስበው እስር ቤቱን መሆኑን ረስቼዋለሁ።

«ኧረ ማንም አልታሰረብኝ። የአንድ ልጅ ነገር ላጣራ ነው።»

«ልጅሽ?»

«አይ፣ ያዕቆብ ይባላል። ከእህቱ ጋር ተደብቆ ሳለ ወታደሮች መጡ። ይያዝ አይያዝ አላወቅንም። አማቴ በሱ ጭንቀት ሐኪም ቤት እንኳ አልሄድም ብለዋል።»

መጽሐፉ ጭኔ ላይ ስለነበር የገባቸው መሰለኝ። ሴትዮዋ ግን ወደ ኋላ ዞረው ለዘመዳቸው ነገሩ፤ ዘመዳቸው ከኋላዋ ላለችው። ሸዋ ሮቢት ለምሳ ስንወርድ ረዳቱ እጄን ይዞ አወረደኝ። አንድ ሽማግሌ «አብሽሪ፣ አላህ ያስፈታዋል» አሉኝ። ሌላው የማላውቀው ሰው ምሳዬን ከፈለ። ነገሩ ሲገባኝ አፈርኩና ሴትዮዋን «እማማ፣ ልጁኮ የመጽሐፍ ልጅ ነው» አልኳቸው።

ወዲያው ወደ ሰዉ ዞሩ። «ተማሪ ነው አሉ፤ መጽሐፍ ከእጁ የማይለይ።»

አንጀታቸውን የበለጠ በላሁት። ጣርማበርን አልፈን ደብረ ብርሃን እስክንገባ፣ ብርዱም ሹራቡን እስኪመልስልን፣ ሙሉ አውቶቡስ ለያዕቆብ ሲጸልይ መጣ። ሙስሊሙ በዱዓው፣ ክርስቲያኑ በማርያም። እኔም ከዚያ ወዲያ ማስረዳቱን ተውኩት። ጸሎት መቼም አይጎዳም።

ላምበረት ወርጄ በታክሲ መገናኛ፣ ከመገናኛ በከተማው ባቡር ስታዲየም፣ ከዚያ የቃሊቲውን ባቡር ያዝኩ። ደሴ ውስጥ ሰው ሲጨናነቅ ቢያንስ ይተዋወቃል። እዚህ የማላውቀው ሰው ክርን ጎኔ ውስጥ፣ የኔ ማሰሮ ደግሞ ክራቫት ያሰረ ሰውዬ ሆድ ላይ። ሳሪስ አቦ ግማሹ ሰው ሲወርድ ትንፋሽ አገኘሁና ዝቅ ብዬ ባይ፣ የማሩ ክዳን ላልቶ የሰውየው ሱሪ ላይ ወርዷል። መሬት ብትውጠኝ በወደድኩ። ሰውየው ጣቱን ነክሮ ቀመሰ።

«የት አገር ማር ነው?»

«የወሎ።»

«እንግዲያው ግድ የለም» ብሎ ቀሪውን በሶፍቱ ጠረገ።

ሰይድ ቃሊቲ መጨረሻው ፌርማታ ላይ ቆሞ ጠበቀኝ። ማሰሮውን ሲቀበለኝ እጁ ተጣበቀ፤ እኔም ስጨብጠው ተጣበቅሁ። በሚኒባስ አቃቂ በሰቃ ወዳለው ቤቱ ስንደርስ ሚስቱ ሙና ውሃ አሙቃ፣ እግሬን ካላጠብኩ ብላ ታገለችኝ። ከሰው እግር ይልቅ የሰው ማሰሮ ብታጥብ እንደሚሻላት ነግሬ አስጣልኳት።

ሁለተኛው ቀን

ጠዋት በር ላይ ቆሜ አቃቂን አየኋት። ደሴን የጦሳ ተራራ ከጀርባዋ ደግፎ ይዟታል፤ ሰው ቀና ባለ ቁጥር ግድግዳ አለው። አቃቂ ሜዳ ናት። ዓይን የሚደገፍበት አጥቶ ሄዶ ሄዶ የፋብሪካ ጭስ ላይ ያርፋል። ባጃጁ ብዛቱ ለጉድ ነው። በእኛ ዳገት ባጃጅ ሲያቃስት ነው የማውቀው፤ እዚህ እንደ ፌንጣ ይዘላል።

«ንጋቱ የሚባል አቃቂ ውስጥ ስንት አለ መሰለሽ» አለ ሰይድ ቁርስ ላይ። «እኔ ግን አንድ አውቃለሁ። ጎማዬን የሚሠራልኝ ጎሚስታ።»

«ፈረንሳይኛ ይችላል?»

«ጎማ ሲፈነዳበት የማይችለው ቋንቋ የለም።»

የሰይድ መኪና ጎማ ለማንኛውም መሠራት ስለነበረበት አብረን ሄድን። ንጋቱ ጎሚስታ ክንደ ወፍራም፣ ፊቱ ላይ ጥቀርሻ ያለበት ጎልማሳ ነው። መጽሐፉን አሳየሁት። እጁን በጨርቅ ጠርጎ በጥንቃቄ ተቀበለኝ።

«እኔ እንኳን መጽሐፍ፣ ደብዳቤም ጽፌ አላውቅ» አለ። «ስሜ መሆኑ ግን ደስ ይላል። ስለምንድነው?»

በአጭሩ ልነግረው ጀመርኩ። በአጭሩ አልሆነም። ራሔልና ያዕቆብ ከከተማ ሲወጡ መዶሻው ቆመ። ምድር ቤት ሲገቡ ጎማው የተሠራለት ሌላ ሹፌር መሄዱን ትቶ ባዶ ጎማ ላይ ተቀመጠ። ወታደሮቹ ሲመጡ ከጎን ያለው ባለ ሻይ ቤት ብርጭቆ እንደያዘ መጣ። ሰይድ ራሱ አፉን ከፍቶ ይሰማል፤ ትናንት ማታ «ለልብ ወለድ ብለሽ ነው ይሄን ሁሉ መንገድ?» ያለኝ እሱ ነው።

«አፍንጫውን ያዘ» ብዬ ጨረስኩ።

«እሺ?» አለ ንጋቱ።

«አላውቅም። እሱን ፍለጋ ነው የመጣሁት።»

ባለ ሻይ ቤቱ «እንዲህ ያለ ነገር በሰው ላይ ይሠራል?» ብሎ ተነስቶ ሄደ። ንጋቱ ጎሚስታ ትንሽ አሰበና «ባቡር ሰፈር አንድ ሽማግሌ አሉ» አለ። «ንጋቱ ፈረንሳይ ነው የምንላቸው። የባቡሩ ጽሕፈት ቤት ሠራተኛ ነበሩ። ስታገኚያቸው ግን በዚህ አድርገሽ ትሄጃለሽ። መጨረሻውን ሳትነግሪን ከአቃቂ አትወጪም።»

ሰይድ በሰው በሰው አስጠይቆ ለማግስቱ ቀጠሮ አስያዘልኝ።

ሦስተኛው ቀን

ባቡር ሰፈር የድሮው ሐዲድ ጎን ነው። ሐዲዱን ሣር ውጦታል፤ ፍየሎች የራሳቸው መንገድ አድርገውታል። የአቶ ንጋቱ ቤት የቆርቆሮ በር ያላት፣ ግቢዋ በጎመን የተሞላ ጠባብ ቤት ናት። በሩን የከፈቱልኝ ባለቤታቸው እማማ ጽጌ፣ ቀጭንና ፈጣን ሴት ናቸው። አቶ ንጋቱ ሊቀበሉኝ ተነስተው ቆመዋል፤ ከላይ ሱፍ ኮትና ክራቫት፣ ከታች ፒጃማ።

«እስከ ወገብ ድረስ ነው ያደረሰው» አሉ እማማ ጽጌ። «እንግዳ ቶሎ ደረሰችበት።»

ስለ ምግብ እኔም እሳቸውም ተጨንቀን ኖሯል። እኔ የክርስቲያን ሥጋ አልበላም፤ እሳቸው ደግሞ እንዳላስቀይማት ብለው ሌሊቱን ሲያወጡ ሲያወርዱ አድረዋል። ዕለቱ ረቡዕ ነበርና ጾሙ አስታረቀን። ሽሮው ከድስት ሲወርድ ሁላችንም ተነፈስን። የኛ አገር ሰው «ብዪ እንጂ» ሲል አምስቴ ነው፤ እማማ ጽጌ አንዴም አላሉኝም። ዝም ብለው ይጨምራሉ።

እጄን ታጥቤ የመጣሁበትን ነገርኳቸው፤ የእማ ዘሃራን ዓይን፣ ዱዓቸውን፣ ቤታችን ማስነጠስ መከልከሉን። አቶ ንጋቱ ጆሯቸው ስለሚከብድ ባለቤታቸው እየጮሁ ደገሙላቸው።

«እስከ የት ድረስ ነው ያነበብሽው?» አሉኝ።

«አፍንጫውን እስከ ያዘበት።»

ባልና ሚስት ተያዩ።

«አስነጠሰ» አሉ አቶ ንጋቱ።

«አላስነጠሰም» አሉ እማማ ጽጌ።

«ጽጌ፣ ተይ።»

«አንተ ተው። መጽሐፉ ምን ይላል? አላስነጠሰም ነው የሚለው።»

«ያንቺ መጽሐፍ።»

ግራ ገብቶኝ አንዴ ወደ ባል አንዴ ወደ ሚስት ስገላመጥ፣ እማማ ጽጌ ወንበራቸውን ወደኔ ሳቡ። ነገሩን ከመጀመሪያው ነገሩኝ። በወጣትነታቸው ሁለቱም ባቡሩ ጽሕፈት ቤት ይሠሩ ነበር፤ እሳቸው የጽሕፈት መኪና ጸሐፊ፣ አቶ ንጋቱ በፈረንሳይኛ የሚመጣውን ወረቀት የሚተረጉሙ። አቶ ንጋቱ ይህን ልብ ወለድ ከአንድ ፈረንሳዊ መሐንዲስ አግኝተው ወደዱት። ከሥራ በኋላ እሳቸው እየተረጎሙ ያነባሉ፣ ጽጌ በመኪና ይመታሉ።

«"ያዕቆብ አስነጠሰ" ሲለኝ እጄን ከመኪናው አነሳሁ» አሉ እማማ ጽጌ። «ይህን አልመታም አልኩት።»

«እኔ ተርጓሚ ነኝ እንጂ ፈጣሪ አይደለሁም አልኳት» አሉ አቶ ንጋቱ።

«እንግዲያው ራስህ ምታው አልኩት። በአንድ ጣቱ "ያ"ን ሲፈልግ መሸ።»

«ደበቀችብኝ እኮ።»

«ፊደል ይደበቃል? ተኮራረፍን። ጽሕፈት ቤቱ ውስጥ ከኔ ሌላ ጸሐፊ የለም። በመጨረሻ አንድ ቀን መጣና ቆሞ፣ ፊቱን ወደ መስኮቱ አዙሮ፣ "አላስነጠሰም" አለኝ። መታሁት። በዚያው ዓመት ሽማግሌ ላከ፤ እሺ አልኩ። ልጅ ያተረፈ ሰው ባል ይሆናል ብዬ ነው።»

እኔ ሳቅሁ። አቶ ንጋቱ አልሳቁም።

«ልጄ» አሉኝ፣ «ሰውየው ያን የጻፈው ጨካኝ ስለሆነ አይደለም። እንደዚያ የተያዙ ልጆች ነበሩ። እንደ ያዕቆብ ያለ ትንሽ፣ አፍንጫውን ይዞ ያልቻለ። እኛ አላስነጠሰም ስንል ሞቱን ወሰድንበት። የገደሉትንም ሰዎች በነጻ ለቀቅናቸው። ይኸው እስከ ዛሬ ይከነክነኛል።»

«ሁሉም ነው የተያዘው?» አሉ እማማ ጽጌ። አሁን ድምፃቸው የሙግት አልነበረም። «ከዚያ ሁሉ ልጅ ትንፋሹን ውጦ ያመለጠ የለም?»

«አለ። እሱ ግን ያዕቆብ አይደለም።»

ውጪ አንዲት ፍየል ጎመኑ ውስጥ ገብታ ኖሮ እማማ ጽጌ ነጠላቸውን እያራገቡ ሊያባርሩ ወጡ። አቶ ንጋቱ ቀስ ብለው ተነሱና ከሳጥን ውስጥ ያለችውን አንዲት ሙሉ መጽሐፍ አምጥተው ሰጡኝ። የመጨረሻዎቹን ገጾች በስልኬ አነሳሁ። መልስ ፍለጋ መጥቼ ሁለት መልስ ይዤ ልመለስ ነው።

«ለአማትሽ እውነቱን ንገሪያቸው» አሉኝ ሲሸኙኝ።

እማማ ጽጌ ግን እስከ ሐዲዱ ሸኝተውኝ ሌላ አሉ። «መጀመሪያ ዓይናቸው ይዳን። እኔም ሞራዬ ተገፍፏል፤ ምንም አይደለም በያቸው። ካላመኑሽ ደውይልኝ» ብለው ስልክ ቁጥራቸውን ሰጡኝ።

አራተኛው ቀን

ጠዋት ከሰይድ ጋር ጎሚስታው ጋ ጎራ አልን። ባለ ሻይ ቤቱ ከሩቅ አይቶን መጣ። ሁለቱንም መጨረሻ ነገርኳቸው፤ የፈረንሳዩን ሰውና የእማማ ጽጌን። ንጋቱ ጎሚስታ የተነፋ የጎማ ከመነዳሪ ውሃ ገንዳ ውስጥ ነክሮ፣ አረፋው ከየት እንደሚወጣ ሲያይ ቆየ።

«እኔ ብሆን አስነጥስ ነበር» አለ በመጨረሻ።

ሙና ለመንገድ በሶ፣ ለእማ ዘሃራ ደግሞ ሻሽ አስይዛኝ ነበር፤ ማሰሮዬንም አጥባ፣ የአቃቂ ሽንብራ ሞልታ መለሰችልኝ። በመመለሻው አውቶቡስ አጠገቤ የተቀመጠው ሰው ከየት እንደምመጣ ሲጠይቀኝ «ከአቃቂ» አልኩ። ቃሊቲን አልጠራኋትም።

መንገዱን ሙሉ አሰብኩ። እውነቱን ብነግራቸው ሐዘኑ ይጥላቸዋል፤ ቀዶ ሕክምናውም ይቀራል። የታተመውን ባነብላቸው ደግሞ አልዋሸሁም፤ መጽሐፉ የሚለውን ነው ያነበብኩት። ኮምቦልቻ ስደርስ ወስኜ ነበር።

ቤት ስገባ እማ ዘሃራ ታጥበው፣ መከዳ ተደግፈው ይጠብቁኛል። ሑሴን በር ላይ ቆሟል። ጎረቤታችን እትዬ አልማዝም አለች፤ የያዕቆብን ነገር ከኛ እኩል ነው የምትከታተለው። ስልኬን አውጥቼ አነበብኩ። ወታደሩ ክዳኑን አንስቶ ዱቄት ብቻ አየ። ሄዱ። ባለወፍጮዋ ስትከፍተው ልጁ እንደ ሙት መንፈስ ነጭ ሆኖ ወጣ፤ ያኔ ነው ያስነጠሰው፣ ደጋግሞ፣ እሷም እያለቀሰች የምትስቀው። ራሔልም መድኃኒቱን ይዛ ገባች።

እትዬ አልማዝ እልል ልትል አፏን ከፈተች። እማ ዘሃራ እጃቸውን አነሱ።

«ጨረሽ?»

«ጨርሻለሁ እማ።»

«ድምፅሽ ለምን ራደ?»

ዓይናቸው አያይም፤ ሲያዳምጡ ግን ፊታቸው ሁሉ ጆሮ ነው።

«አስነጥሷል፣ አይደል?» አሉ።

ያኔ ሁሉንም ነገርኳቸው፤ አቶ ንጋቱን፣ እማማ ጽጌን፣ የመኪናውን ፊደል። እማ ዘሃራ አላለቀሱም። መዳፋቸውን ዘረጉ። ሑሴንም ዘረጋ፤ እትዬ አልማዝ አማተበች። ለያቁብ፣ ስማቸው ላልተጻፈው እንደሱ ያሉ ልጆች ሁሉ፣ ለባለወፍጮዋም ዱዓ አደረጉ። ሲጨርሱ ፊታቸውን ጠርገው «ያችን ሴትዮ ደውይልኝ» አሉኝ።

ደወልኩ። ድምፁን ከፍ አድርጌ መሃላችን አስቀመጥኩት።

«ዋሽተሻል» አሉ እማ ዘሃራ፣ ሰላምታ እንኳ ሳያስቀድሙ።

«አዎ፣ ዋሽቻለሁ» አሉ እማማ ጽጌ።

«ደግ አድርገሻል። ባልሽም ልክ ነው።»

«እሱን እንኳ አትንገሪው፤ ይኮራብኛል።»

ከዚያ ወዲያ እኛ አናስፈልግም ነበር። ስለ ጉልበት ሕመም፣ ስለ ጨው፣ ስለ ልጆች አወሩ። ስለ ዓይንም አወሩ። እማማ ጽጌ «ትንኝ የገባብሽ ያህል ነው» ሲሏቸው፣ እማ ዘሃራ «ሐኪሙ እኮ እንዲህ ብሎ አልነገረኝም» አሉ። ሐኪሙ ይህንኑ ቃል በቃል ብሏቸዋል፤ ሑሴን ሊናገር ሲል በክርኔ ጎሸምኩት።

በዚያው ሳምንት ሐኪም ቤት ወሰድናቸው። ፋሻው ሲፈታ ለረጅም ጊዜ መስኮቱን፣ ቀጥሎ እጃቸውን፣ ከዚያ ሑሴንን አዩ፤ «ሸብተሃል» አሉት። ማታ ቤት ስንገባ መጽሐፉን አምጪ አሉኝ። አንስተው ሽፋኑን አገላብጠው አዩና መለሱልኝ፤ ማንበብ አይችሉም።

«ከመጀመሪያው ጀምሪልኝ» አሉኝ።

«እማ፣ መጨረሻውን አውቀውታል እኮ።»

«አውቄዋለሁ። ስለዚህ አትቸኩዪ። በሕይወት ያለበትን ቀስ ብለሽ አንብቢልኝ።»